ያለ አሜን የቀረ ምርቃት

መካነ ሰላም፣ ኅዳር 14 ቀን 2010 ዓ.ም.

ለየሻለም ተሰማ
ያለሽበት ኩዌት

እንዴት ከርመሻል? ራስሽን፣ ወገብሽን፣ እንቅልፍሽን እንዴት ነሽ? ሰማዩን ያለ ምሰሶ ያቆመ ጌታ ከክፉ ሰው እጅ፣ ከፈላ ዘይት፣ ከፎቅ መውደቅ ይሰውርሽ። እኔ አምባቸው፣ የአያትሽ የአጎት ልጅ፣ ደህና ነኝ። ጉልበቴ ያነክሳል፣ ምላሴ አያነክስም።

ይህን የሚጽፈው አስናቀው ነው፤ ከፍርድ ቤቱ ፊት ለፊት ሸራ ወጥሮ ለባለጉዳይ ማመልከቻ የሚጽፈው። ክስ ስለለመደ አንቺን «ተጠሪ» ብሎ ጀምሮሽ ነበር፤ ተቆጥቼ አስቀደድኩት። ስንጨርስ በስልኩ ፎቶ አንስቶ ይልክልሻል። ስልኩ ካለ ለምን በድምፅዎ አይነግሯትም ይለኛል። በስልክ የሚነገር ነፋስ ነው። አውራ ጣቴን ቀለም ነክሬ ያላሳረፍኩበትን ቃል የኔ ነው አልልም። ዕድሜዬን እንዲህ ኖርኩ፣ የቀረኝንም እንዲሁ ነኝ።

የጻፍኩት ላመሰግንሽ ነው። ብዙ ሰው አመስግኜ አላውቅም፤ አንዴ ነውና የምለው በደንብ አንብቢው። የፊዚክስ አስተማሪያቸው ለቅቆ ከሄደ ወዲህ የልጅ ልጄ ሰብሌ ባዶ ደብተር ይዛ ሄዳ ባዶ ደብተር ይዛ ትመለስ ነበር። አንቺ በቴሌግራም ያቆምሽው ግሩፕ ውስጥ ከገባች ጀምሮ ልጅቱ ሌላ ሆናለች። ከዚሁ ከቦረና፣ ከከላላ፣ ከማሻ አስተማሪ ያጡ ልጆች በስልክ ውስጥ ተሰብስበው፣ አንቺ ከኩዌት፣ ያ የኬሚስትሪው ከሪያድ፣ ፈርሂያ የምትባለዋ የባዮሎጂዋ ከደሴ ሆናችሁ፣ የሰለጠናችሁበትን ታስተምራላችሁ። መጀመሪያ ሲነግሩኝ ውሸት መስሎኝ ነበር። አሁን እኔም አጠገቧ ተቀምጬ እሰማለሁ። ቁጥሩ አይገባኝም፣ ክርክሩ ግን ይገባኛል።

ሰብሌ የሞላ ልጅ ናት። ልጄ ሞላ በድንበር ነገር በገበየሁ ጥይት ሲወድቅ አንቺ ባሕር ማዶ ነበርሽ፤ እኔ እዚሁ ነበርኩ። ከጤፉ መሃል ስናገኘው ሆዱን በሁለት እጁ አቅፎት ነበር። እጁን ስናላቅቀው ሆዱ ተከተለን። መልሼ ያስገባሁት እኔ ነኝ፣ በዚሁ በማትምልሽ ጣቴ። ገበየሁ ተፈርዶበት ታስሯል። እስሩ የመንግሥት ነው፤ የኛ ገና ነው። ሚስቱና ወንድ ልጁ በማግሥቱ አገር ለቀው የት እንደገቡ አይታወቅም። ትንሹ ልጄ አወቀ ክላሹን ወልውሎ ያ ልጅ ለአቅመ አዳም እስኪደርስ ይጠብቃል። ይህን ለወጉ ነገርኩሽ እንጂ የሚያስደንቅ ነገር የለውም።

አሁን ደስ ያለኝን ልንገርሽ። ያለፈው እሁድ ከሰዓት አንድ ጥያቄ ጠየቅሻቸው። አንዱ ጠመንጃውን አግድሞ ቀጥ አድርጎ ይተኩሳል፤ ሌላው በዚያው ቅጽበት፣ በዚያው ከፍታ፣ ጥይት ከእጁ ይለቃል። ቀድማ መሬት የምትነካው የትኛዋ ናት አልሽ። እኔ ሳቅሁ። ከጠመንጃ ጋር ያረጀሁ ሰው ነኝ፤ የተተኮሰችው ገና ስትበር የተለቀቀችውማ አፈር ልሳለች አልኩ። አንድ ልጅ በድምፁ መለሰ። እኩል ይወድቃሉ አለ። ጥይቷ ወደ ፊት ብትሄድም መሬት መጎተት የሚጀምራት ከአፈሙዙ ከወጣችበት ጊዜ አንሥቶ ነው፤ ሩቅ የሚመታ ሰው ከዒላማው ከፍ አድርጎ የሚያነጣጥረውም ለዚህ ነው አለ።

የሻለም፣ እኔ ዕድሜ ልኬን ከፍ አድርጌ ነው የምተኩሰው። ለምን እንደሆነ የነገረኝ ሰው አልነበረም። ሰብሌን ያንን ድምፅ የሚይዘውን ምልክት ተጫኚልኝ አልኳትና መረቅሁት። «ልጄ፣ እደግ ተመንደግ። የጠላትህ ዓይን ይጨልም። ደምህ መሬት አይንካ። ከልጅ ልጄ ጋር አንድ ቀን ያስመርቃችሁ» አልኩት። ልጆቹ አሜን አሜን እያሉ ሲጽፉ ሰብሌ ታነብልኝ ጀመር፤ ወዲያው ባትሪው ሞተ።

የልጁ ድምፅ ግን፣ እንጃ፣ የማውቀው መሰለኝ። ይርዳው ይባላል አለችኝ፤ የአባቱን ስም አልጻፈም። የማን ልጅ ነው?

አያትሽ አምባቸው። ጣቴ ይኸውልሽ።

ኩዌት፣ ታኅሣሥ 3 ቀን 2010 ዓ.ም.

ለተከበሩ አያ አምባቸው
መካነ ሰላም

እንደምን ሰነበቱ? አምላክ ጉልበትዎን እንደ ምላስዎ ያድርግልዎ። ከብቱ፣ አዝመራው፣ ጎረቤቱ ሁሉ እንደምን አለልኝ? እኔ ደህና ነኝ ልልዎ ነበር፤ ለእርስዎ መዋሸት ስለማልወድ ቆሜ እየሠራሁ ነው ልበልዎ።

የማስተምረው ከሩዝ ማስቀመጫው ክፍል ሆኜ ነው። እመቤቲቱ ስትተኛ ስልኩን ከሩዙ ጆንያ ውስጥ አወጣዋለሁ፣ ስትነሣ መልሼ እቀብረዋለሁ። በሹክሹክታ ስለማወራ ልጆቹ ጉሮሮዬን የሚያመኝ ይመስላቸዋል። ከላላ ሳስተምር እንዴት እጮህ እንደነበር የሚያውቅ ቢኖር በሳቀብኝ። ባለፈው ወር ከማን ጋር ነው የምትንሾካሾኪው ብላ ፀጉሬን ይዛ ከምድጃው ጋር አጋጭታኛለች። ግንባሬ ላይ የነበረው ድኗል፣ እንዳያስቡ።

ምስጋናዎን ለፈርሂያም፣ ሪያድ ላለውም አነበብኩላቸው። የሪያዱ መኪና እየነዳ ነው የሚያስተምረው፤ መብራት ሲይዘው አንድ ቀመር፣ ሲለቀው ዝም። ፈርሂያ ሰብሌን ትወዳታለች። ሰብሌ ስሌት ላይ ትቸኩላለች፣ እሱን ይምከሩልኝ፤ ሐሳቧ ግን ቀጥ ያለ ነው። በዚህ ከቀጠለች ፈተናውን ታልፋለች።

ስለጠየቁኝ ልጅ፣ ጎበዝ ነው። ከዚያው ከኛ አገር ነው። የአባታቸውን ስም ያልጻፉ ሌሎችም አሉ፤ እኔም አልጠይቅም።

አንድ ነገር ልለምንዎ። ሰብሌ የግሩፑን ድምፅ ሰው ፊት ከፍ አድርጋ አታሰማ። ጆሮ ላይ የሚሰካውን ትጠቀም። ከሌላት የሚመጣ ሰው ሳገኝ እልክላታለሁ። ትኩረቷን ይሰበስብላታል።

አወቀን ሰላም ይበሉልኝ። ሥራ በዝቶበት ከቤት ይርቃል?

ልጅዎ የሻለም

መካነ ሰላም፣ ታኅሣሥ 20 ቀን 2010 ዓ.ም.

የሻለም፣

ሰላም ላንቺ ይሁን። የቀረው ሰላምታ ነገሩ ሲያልቅ ይደርስሻል።

በኔ ቤት ጆሮ ላይ የሚሰካ ነገር ታይቶ አያውቅም። ሰው በገዛ ቤቱ ተቀምጦ የሚደብቀው ድምፅ ምንድን ነው ብዬ አሰብኩ። አወቀ ከቤት ይርቃል ወይ ማለትሽንም አሰብኩ። አንቺ ስለ አወቀ ጠይቀሽ አታውቂም። እኔ ፊደል ባልቆጥር ሰው እቆጥራለሁ።

ሰብሌን ያንን የጥይቱን መልስ ደግማ እንድታሰማኝ አዘዝኳት። አወቀ ደጅ እንጨት ይፈልጥ ነበር። የመጥረቢያው ድምፅ ቆመ። ገባና ድገሚው አላት። ደገመችው። ገበየሁ ቃሉን ሲጨርስ መጨረሻውን የሚጎትታት ነገር ነበረችው፤ ገበያ መሃል እንኳ ከሩቅ ታስለየው ነበር። ልጁም ይጎትታታል። አወቀ ሦስተኛ ድገሚ ሲላት ስልኩን ደረቷ ውስጥ ሸጎጠችው። ሊቀማት ሲል እጁን ነከሰችው። ክላሹን ከተሰቀለበት አውርዶ በሰደፉ አፏን መታት። የፊት ጥርሷ ወልቆ እሳቱ ዳር ወደቀ። ስልኩን ወሰደ። አልከለከልኩትም፤ ይህንንም ጻፍ ብዬ አስናቀውን አዝዣለሁ። ሰብሌ ደሟን ተፍታ ቀና ብላ አየችኝና «መርቀኸዋል እኮ» አለችኝ። ያቺ ልጅ እኔን አንተ ብላኝ አታውቅም።

ስለዚህ ሁለት ነገር ታደርጊልኛለሽ። አንደኛ፣ ግሩፑን የምትጠብቂው አንቺ ነሽና የገበየሁ ልጅ የት እንደተሸሸገ ታውቂያለሽ። ንገሪኝ። ሁለተኛ፣ የኔን የምርቃት ድምፅ አጥፊልኝ። እኔ የመረቅሁት የማላውቀውን ልጅ ነው፤ የገበየሁን ልጅ አልመረቅሁም። ጣቴንም አላሳረፍኩበትም።

ሞላ ላንቺም ወንድምሽ ነው። ደሴ ኮሌጅ ስትገቢ ሻንጣሽን በራሱ ተሸክሞ እመኪናው ድረስ የሸኘሽ እሱ ነው። የገዳዩን ዘር ስም እያወቁ ዝም ማለት ከገዳዩ ማዕድ መቁረስ ነው። ልጁ ከተገኘ በኋላ የሚሆነውን ነግሬው ነበር፤ አስናቀው ብዕሩን አስቀምጦ ይህን ብጽፍ በሕግ እጠየቃለሁ አለኝ። «የሚሆነው ይሆናል» ብሎ ጽፎልኛል። አንቺ ምን እንዳልኩ ታውቂዋለሽ።

አምባቸው። ጣቴ ይኸው።

ኩዌት፣ የካቲት 27 ቀን 2010 ዓ.ም.

ለተከበሩ አያ አምባቸው

እንደምን ከረሙ? የሰብሌን አፍ አምላክ ይማርልኝ። መልሴ የዘገየው አንድም የእናንተ ኔትወርክ ተዘግቶ ነው፣ አንድም በኔ ነው። እመቤቲቱ ስልኩን ከሩዙ ውስጥ አገኘችው። መጀመሪያ የሰበረችው ስልኩን ነው፤ ቀጥላ ጣቶቼን በሩ ላይ አስይዛ ዘጋችባቸው። ከፍታ ደግማ ዘጋችባቸው። ሐኪም ቤት አልወሰዱኝም። ጎረቤት ቤት የምትሠራ ፊሊፒናዊት በካርቶን አሰረችልኝ። ይህን የምጽፈው በተዋስኩት ስልክ፣ በግራ እጄ ነው። እጄ ቢሰበርም ትምህርቱ አልተቋረጠም፤ ድምፄን አልሰበረችውም።

ደብዳቤዎን ደጋግሜ አነበብኩት። መልሴ ይኸው ነው። ልጁ የት እንዳለ አውቃለሁ። አልነግርዎትም።

ሞላ ወንድሜ ነበር። ሻንጣዬን መሸከሙን አልረሳሁም። መኪናው ሲነሣ በመስኮት በኩል ምን እንዳለኝ ግን እርስዎ አልሰሙም። ተምረሽ ነይና ልጆቼን አስተምሪልኝ ነው ያለኝ። ያኔ ሚስት እንኳ አላገባም ነበር። ያዘዘኝን እየፈጸምኩ ነው።

የምርቃቱን ድምፅ ማጥፋት ለኔ አንድ ጊዜ መንካት ነው። እሱንም አላደርገውም። በስልክ የተነገረ ነፋስ ነው ብለው ጽፈውልኛል። ነፋስ ከሆነ ለምን ይጠፋልኝ ይላሉ?

ዘመድነቴን ከቆረጡ ይቁረጡ። የሰብሌን ስልክ ግን ይመልሱላት። ፈተናው እየቀረበ ነው። እሷ የበደለችው የለም።

የሻለም

መካነ ሰላም፣ መጋቢት 18 ቀን 2010 ዓ.ም.

ለየሻለም ተሰማ

ሰላም ላንቺ ይሁን። ነፋስ ከሆነ ለምን ይጠፋልኝ ያልሽው ቃል እንደ ቁንጫ ገብቶ በላኝ። አስናቀው ሲያነብልኝ ስቆ ነበር፤ ሸራውን ላወርድበት ምንም አልቀረኝም። ደፋር ነሽ። የአያትሽ ደም ነው፤ እሱም ደፋር ነበር፣ ለዚያ ነው ጆሮው በጩቤ የተቆረጠው።

ነገሩን ይዤ ሽማግሌዎች ዘንድ ሄድኩ። ስለ ገበየሁ ልጅ ደም ልጠይቅ አልሄድኩም፤ እሱን እኔ አውቀዋለሁ። የሄድኩት በስልክ የተመረቀ ሰው ተመርቋል ወይስ አልተመረቀም ለማለት ነው። ቀኑን ሙሉ ሲጨቃጨቁ ዋሉ። አንዱ እጅ ራስ ላይ ካላረፈ ምርቃት አይደለም አለ። ሌላው ታዲያ በሩቅ ላለ ወታደር ልጅህ ስትመርቅ የማን ራስ ላይ ነው እጅህን የምትጭነው ብሎ አፉን አስያዘው። አንዱ ደግሞ ተመራቂውን ሳያውቁ የመረቁት በሬን ላም ብሎ እንደመሸጥ ነው፣ ይፈርሳል አለ። ከመሃላቸው ሼህ አሕመድኑር እስከ መጨረሻው ሲያዳምጡ ቆዩ። በመጨረሻ አንድ ነገር ብቻ ጠየቁኝ። «ልጁ አሜን ብሏል?»

አላውቅም አልኳቸው። ባትሪው ሞቶ ነበር።

ወላሂ ነገሩ ያለው እዚያ ላይ ነው አሉ። ምርቃት የሁለት ሰው ነው፤ ሰጪ ይሰጣል፣ ተቀባይ በገዛ አፉ ይዘጋዋል። ሌሎቹ ልጆች አሜን ማለታቸው ለራሳቸው ነው። ይርዳው አሜን ካለ፣ አባቱ ማንም ይሁን ማን፣ የአምባቸው ምርቅ ነው፤ ከአምባቸው ቤት በወጣ እጅ ከተነካ አምባቸው የገዛ አፉን በጫማው ረገጠ። ካላለ ቃሉ አየር ላይ ነው፣ አምባቸው መልሶ ያወርደዋል። ሁሉም በዚህ ተስማማ።

እኔም በዚህ ተስማማሁ። አሜን ካለ አወቀ ወደሱ የሚሄደው በኔ ሬሳ ላይ ተሻግሮ ነው። ካላለ ጠመንጃውን ወልውዬ የማቀብለው እኔ ነኝ። ድምፁ ያለው አንቺ ዘንድ ነው። አዳምጪና ንገሪኝ። ብትዋሺኝ ግን የሞላ ሆድ በሁለት እጅሽ ላይ ይሁን።

ቶሎ በይ፤ አወቀ አብዷል። በየገበያው እየዞረ የሚያየውን ጎረምሳ ሁሉ አንቆ ተናገር ይለዋል፣ መልኩን ስለማያውቅ ድምፁን ሊሰማ። ባለፈው አንድ ጨው የሚሸጥ ልጅ በፍርሃት ድምፁ ተዘጋበት። ዝም ባለ ቁጥር መታው፣ በመታው ቁጥር ልጁ ዝም አለ። አፍንጫው ተሰብሮ፣ ጨው ላይ ደሙ ፈስሶ፣ ሰው አስጣለው። አባቱን ካሳ ሰጥቼ አፉ አስብዬ ታርቄዋለሁ፤ ሁለተኛ ግን አፉ የሚለን የለም።

ስልኩን አወቀ አልመለሰም። ሰብሌ በየሰው ቤት እየዞረች ነው የምትማረው። እኔንም አታናግረኝም።

አምባቸው። ጣቴ ይኸው።

ኩዌት፣ ሚያዝያ 25 ቀን 2010 ዓ.ም.

ለተከበሩ አያ አምባቸው

በዓሉን እንደምን አሳለፉ? እንኳን አደረስዎ። ስለ ምርቃቱ ስለጠየቁኝ ቀጥታ ልንገርዎ። ልጁ አሜን አላለም።

ብሏል ብዬ ልጽፍልዎ ቁጭ ብዬ ነበር። ቃሉን ጽፌ አጠፋሁት፣ መልሼ ጻፍኩት። ሞላን ፈርቼ አይደለም፤ ሙት አይቆጣም። ልጆቹን ያልለካችሁትን ቁጥር መልስ ብላችሁ አትጻፉ እያልኩ ነው የማስተምራቸው። እነሱን እንዲህ እያልኩ ለእርስዎ የሌለ አሜን ብሰጥ፣ አንድ ቀን ልጁ ደረቱን በሱ ተማምኖ ለጥይት ይሰጣል። በውሸት ላይ አላስቆመውም።

ያላለበትን ምክንያት ያኔውኑ ነግሮኛል። ገና «ልጄ» ሲሉት ድምፅዎን ለይቶታል። ሕፃን ሳለ ከአባቱ ጋር ገበያ ሲሄድ ሰምቶዎታል፤ ከሸሹ በኋላም በእንቅልፉ ይሰማዎት ነበር። ደምህ መሬት አይንካ ሲሉት ስልኩን ወርውሮ ከቤት ወጣ። አሜን ብል በድምፄ ያገኙኛል፣ ዝም ብል የአዛውንት ምርቃት መግፋት ይሆንብኛል ብሎ አለቀሰብኝ። ከግሩፑ ወጥቶም ነበር። ለምኜ የመለስኩት እኔ ነኝ።

ደብዳቤዎን አነበብኩለት። ሁሉንም፣ የጨው ሻጩን ልጅ ጭምር። ወይ ፈተናው ይቅርብህና ራቅ ወዳለ አገር ጥፋ፣ ወይ የምታደርገውን አንተ ታውቃለህ አልኩት። ያለበትን እንዳይናገር ግን ለመንኩት። ትናንት ግሩፑ ውስጥ፣ ሁሉም ልጅ እየሰማ፣ ይህን ተናገረ።

«ይርዳው ገበየሁ እባላለሁ። ያለሁት ከላላ ነው፣ የምፈተነውም እዚያው ነው። አባባ አምባቸው በኅዳር የመረቁኝን አልተቀበልኩም ነበር፤ ፈርቼ ነው። ዛሬ ተቀብያለሁ። አሜን። ከዚህ በኋላ አልሸሽም።»

ቆይታ ሰብሌ፣ ከማን ስልክ ላይ እንደሆነ አላውቅም፣ «አሜን» ብላ ጻፈች። ከዚያ ፈርሂያ ትምህርቱን ቀጠለች።

ድምፁን ለአስናቀው ልኬለታለሁ፤ እዚያው ያዳምጡት። ዘግይቶ የመጣ አሜን ይቆጠር አይቆጠር እኔ አላውቅም። እሱ የእርስዎ ትምህርት ነው።

የሻለም

መካነ ሰላም፣ ሰኔ 6 ቀን 2010 ዓ.ም.

ለልጄ ለየሻለም ተሰማ
ያለሽበት ኩዌት

እንዴት ሰነበትሽ? ልብሽን፣ ጆሮሽን፣ ጣቶችሽን እንዴት ነሽ? ያን ጊዜ ስለ ጣቶችሽ ስትጽፊልኝ አልጠየቅሁሽም። አሁን እጠይቃለሁ፤ ገጠሙ? የቆመውን የሚያቆም፣ የወደቀውን የሚያነሣ ጌታ የዘጋችብሽን በር ራሷ ላይ ይዝጋባት። እኔ ግንባሬ ተፈንክቶ፣ ያለ በቅሎ፣ ደህና ነኝ።

አስናቀው ስልኩን ጆሮዬ ላይ አድርጎ አሜኑን አሰማኝ። ሽማግሌ አልጠየቅሁም። ከጠየቅሁ ዘግይቷል የሚል አላጣም። እኔ በዕድሜዬ ብዙ አሜን ሰምቻለሁ፤ ለጠላ የሚባል አሜን አለ፣ ከእግር በታች እያዩ የሚባል አለ። ያለበትን አገር ሊገድለው ለሚፈልገው ነግሮ አሜን ያለ ሰው ግን ሰምቼ አላውቅም። ለአወቀ ነገርኩት። ልጁ ተቀብሎኛል፣ አበቃ፣ ጠመንጃውን ስቀል አልኩት። ዝም አለኝ። ዝምታውን እሺታ አደረግሁት። አወቀን የወለድኩት እኔ ሆኜ ያን ያህል መሳሳት አልነበረብኝም።

የፈተናው መጨረሻ ሲቃረብ ሰብሌ ሮጣ መጣች። ከስንት ወር በኋላ ያናገረችኝ ያኔ ነው። «ክላሹ የለም» አለችኝ። በቅሎዬን ጭኜ ወጣሁ። እሷ ልከተልህ ስትለኝ ነገ ፈተና አለሽ ብዬ ገሰጽኳት። መንገድ ላይ አድሬ፣ ተማሪው ከፈተና ሲወጣ ከላላ ደረስኩ።

አወቀ ከትምህርት ቤቱ በር ማዶ ክላሹን በጋቢው ሸፍኖ ቆሟል። መልኩን አያውቀውምና «ይርዳው» ብሎ ተጣራ።

«አቤት» አለ ልጁ።

መጨረሻውን ጎተታት። እኔ ከበቅሎዬ ላይ ሆኜ ሰማኋት። ገበየሁ ከመቃብር የተነሣ መሰለኝ፤ ገበየሁ ግን አልሞተም፣ የሞተው የኔ ልጅ ነው። እውነቱን ልንገርሽ፣ በዚያች ቅጽበት የአወቀ እጅ የኔ ቢሆን ኖሮ ብያለሁ።

አወቀ ሮጦ በሰደፉ መንጋጋውን መታው። ሲሰበር ይሰማል። ልጁ በአፍጢሙ ወደቀ። አገላበጠውና አፈሙዙን ደረቱ ላይ ተከለ። ተማሪው እንደ ወፍ ተበተነ። ልጁ እጁን እንኳ አላነሣም፤ አልሸሽም ብሎ ነበርና አልሸሸም። ከበቅሎ መውረዴን አላስታውስም። አወቀ አየኝና «አባዬ፣ ሞላን በስልክ ሸጥከው?» አለኝ።

ብረት ባለው ዱላዬ የቀኝ እጁን መታሁት። በሙሉ ጉልበቴ ነው፤ እንዳይሰበር ብዬ አልመታሁም። አጥንቱ ቆዳውን ቀድዶ ወጣ። እጁ ሲሄድ ጣቱ ምላጩን ስቦት ኖሮ ጠመንጃው ጮኸ፤ ጥይቷ የበቅሎዬን አንገት አገኘች። በቅሎዬ ትንሽ ቆማ አሰበችና ተንበረከከች። አወቀ ደም ካልፈሰሰ አይሆንም ሲል ኖሯል፤ ይኸው ፈሰሰለት።

ዞር ስል የልጁ አፍ ደም እያወረደ አፈሩን አርሶታል። ደምህ መሬት አይንካ ያልኩት እኔ ነኝ። በሰው ፊት አፈርኩ። ጋቢዬን አውልቄ ከፊቱ ሥር አነጠፍኩለት። የነካውንም አፈር በእጄ ዝቄ ጋቢው ላይ አደረግሁት። የሞላን ሆድ በመለስኩበት እጅ ማለት ነው። ከዚያ እጄን ራሱ ላይ ጫንኩ። አሜን በል አላልኩትም፤ ብሎ ጨርሷል።

በዚህ መሃል እናቱ አልታዬ ሮጣ መጥታ በድንጋይ ግንባሬን ፈነከተችኝ። ማንን እንደምትመታ አላጣራችም። አልተቀየምኳትም፤ የኔም እናት ብትሆን ያንኑ ታደርግ ነበር።

አወቀን ፖሊስ ይዞታል፣ እጁ እስኪታከም። እኔንም ልጅህን ለምን ሰበርክ ብለው ቃሌን ተቀብለዋል። አስናቀው «የራሱን ምርቃት ለማስከበር» ብሎ ጽፎልኝ መርማሪው እንዲህ ያለ አንቀጽ የለም ብሎ አሰረዘው። ልጁ መንጋጋው በሽቦ ታስሮ በቀሰም ይጠጣል። ፈተናውን ግን ጨርሶ ነው የወጣው። ሰብሌም ጨርሳለች። ከባድ ነበር ወይ ስላት፣ ጥርስ በሌለበት አፏ ፈገግ አለችና የጥይቱ ጥያቄ መጥቷል አለችኝ።

ገበየሁን አልማርኩትም። አስናቀውን ይህን በትልቁ ጻፍ ብዬዋለሁ። እሱ ሲፈታ እኔ በሕይወት ካለሁ የሁለታችን ነው። ልጁ ግን የኔ ምርቅ ነው። ሼህ አሕመድኑር ክረምቱ ሲወጣ ሁለቱን ቤት ሊያቀራርቡ ይሞክራሉ፤ እንጃ። በቅሎ አልለምንሽም። አንድ ነገር እለምንሻለሁ፦ ድምፅሽ እስካለ ግሩፑን እንዳትዘጊው። አብሽሪ።

በስልክ የተነገረ ነፋስ ነው ብዬሽ ነበር። የኅዳሩን ምርቃት ቃል በቃል አስናቀው ከዚህ በታች ጽፎታል፤ አውራ ጣቴን ያሳረፍኩት እሱ ላይ ነው።

ወጌሻው የአወቀ እጅ ክረምቱ ሲያልፍ ይገጥማል ብሏል። ያን ጊዜ ያስፈልገናልና የልጁን አሜን አታጥፊው።

«ልጄ፣ እደግ ተመንደግ። የጠላትህ ዓይን ይጨልም። ደምህ መሬት አይንካ። ከልጅ ልጄ ጋር አንድ ቀን ያስመርቃችሁ።»

አምባቸው